ማዕዱ የተረሳበት ፍርፋሪ፦ «ክራምብስ» የተሰኘው ፊልም ለምን አልረሳ አለ?

መግቢያ

በሥነ መለኮት ትምህርት ቤቶቻችን «ከልት» የሚለው ቃል ሲነሣ ተማሪው ወዲያው የሚያስበው ከታሪካዊው የክርስትና እምነት ያፈነገጠ ቡድንን ነው። ለፊልም ወዳጆች ግን ቃሉ ሌላ ነገር ይነግራል። ሲወጣ ሰፊ ተመልካች ያላገኘ፣ ከተለመደው የአሠራር ወግ የወጣ፣ ነገር ግን ጥቂት ወዳጆቹ ዓመት አልፎ ዓመት ሲተካ ደጋግመው የሚያዩትና ለሌላው የሚያቀብሉት ፊልም «ከልት ፊልም» ይባላል። ሁለቱም አጠራሮች የመጡት «አምልኮ» የሚል ፍቺ ካለው አንድ የላቲን ቃል ነው። ዝምድናው ደግሞ የድምፅ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1998 የወጣው «ዘ ቢግ ሌቦውስኪ» የተባለ የአሜሪካ አስቂኝ ፊልም በጊዜው መጠነኛ ገበያ ብቻ ነበረው። ከ2002 ጀምሮ ግን አፍቃሪዎቹ በኬንተኪ ግዛት፣ በሉዊቪል ከተማ እየተሰበሰቡ ቦውሊንግ በመጫወት ፊልሙን ያከብሩት ጀመር። በ2005 ደግሞ ከዋናው ገጸ ባሕርይ አኗኗር የተቀዳ፣ እኩሌታው ቀልድ እኩሌታው ቁም ነገር የሆነ «ሃይማኖት» ተመሠረተ። ሰው በሚስቅበት ሰዓት እንኳ የሚሰበሰብበትን መሠዊያ ይፈልጋል።

አገራችንም በዚህ ዝርዝር ውስጥ ስሟ የሚነሣበት ፊልም አላት። እ.ኤ.አ. በ2015 በሮተርዳም ዓለም አቀፍ የፊልም ፌስቲቫል ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው «ክራምብስ» ነው፤ ስሙ ወደ አማርኛ ሲመለስ «ፍርፋሪ» ማለት ነው። ዳይሬክተሩ ስፔናዊው ሚጌል ያንሶ ነው። ተዋንያኑ ኢትዮጵያውያን፣ ቋንቋው አማርኛ፣ ምድሩም የእኛው ነው። ርዝመቱ 68 ደቂቃ ብቻ ነው። በሲኒማ ቤቶቻችን ደጅ ሰልፍ ከሚያስይዙት የፍቅርና የቀልድ ፊልሞች ጋር ስሙ ብዙም አይጠራም፤ በውጭ አገር ግን እንግዳ ፊልሞችን የሚያድኑ ሰዎች ዛሬም ለባልንጀሮቻቸው ይመክሩታል።

ይህ ጽሑፍ የሚጠይቀው የፊልሙ መስህብ ለምን እንዳልደበዘዘ ነው። መልሱ ባጭሩ ይህ ነው፦ ፊልሙ አንድ ጥያቄ አንሥቶ ሳይመልስ ስለሚተው ነው። አንድ ነገር ታሪኩን ሲያጣ ምን ይሆናል? ይህ ጥያቄ ደግሞ ከፊልሙ በፊት የመጽሐፍ ቅዱስ፣ ከመጽሐፍ ቅዱስም የተነሣ የእያንዳንዱ ሰባኪ ጥያቄ ነው።

ስለ ፊልም መጻፍ ለምን?

አንዳንድ አንባቢ ይህ መጽሔት ስለ አስቂኝ ፊልም የሚጽፍበትን ምክንያት ሊጠይቅ ይችላል። ጥያቄው አዲስ አይደለም። በ20ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ በአዲስ አበባ የመጀመሪያው የሲኒማ ቤት ሲከፈት ሕዝቡ ያወጣለት ስም «ሰይጣን ቤት» ነበር። በ1970ዎቹ የተወለዱ ብዙ ወንጌላውያን አማኞችም ከቪዲዮ ቤት ደጅ መታየት በሽማግሌዎች ፊት የሚያስጠይቅበትን ዘመን ያስታውሳሉ። ጥንቃቄው ከንቱ አልነበረም፤ ዓይን የልብ በር መሆኑን አባቶቻችን ያውቁ ነበር። ይሁን እንጂ ዛሬ ፊልሙ ወጣቱ እጅ ላይ፣ በስልኩ ውስጥ ነው ያለው። በሩ ላይ ቆሞ መከልከል ስለማይቻል፣ ከውስጥ ሆኖ ማንበብን ማስተማር ይቀራል።

የሌሎች ልምድም ይጠቅመናል። እ.ኤ.አ. በ1979 «ላይፍ ኦቭ ብራያን» የተሰኘው የእንግሊዝ ቀልደኞች ፊልም ሲወጣ ኖርዌይ ለተወሰነ ጊዜ አገደችው፤ በቢቢሲ ቴሌቪዥንም አንድ ጳጳስና አንድ ክርስቲያን ደራሲ ከሠሪዎቹ ሁለቱን ፊት ለፊት ሞገቱ። ከ35 ዓመታት በኋላ፣ በ2014፣ በለንደን ኪንግስ ኮሌጅ የአዲስ ኪዳን ሊቃውንት በዚያው ፊልም ላይ ጉባኤ ተቀመጡ። ፊልሙ አልተለወጠም። የተለወጠው የአንባቢዎቹ ጥያቄ ነው። መጀመሪያ የጠየቁት «እንዴት ይሣቃል?» ብለው ነበር፤ በኋላ የጠየቁት «የሚሣቀው በማን ላይ ነው?» ብለው ነው። በዚያ ፊልም ውስጥ ሕዝቡ ሳይፈልግ የተከተሉትን ሰው ጫማ አንሥቶ እንደ ቅዱስ ንዋይ ሲያወዛግብ፣ የሚሣቀው በጌታ ላይ ሳይሆን በተከታዮች ጥድፊያ ላይ መሆኑን ብዙዎች ያዩት ዘግይተው ነው። ሁለተኛው ጥያቄ ለ«ክራምብስ»ም ያስፈልገናል።

ታሪኩ

ዓለም አልቃለች። እንዴት እንዳለቀች ፊልሙ በዝርዝር አይነግረንም። የቀሩት ጥቂት ሰዎች ናቸው፤ ከእነርሱም መካከል ዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ የሚጫወተው ካንዲና ሰላም ተስፋዬ የምትጫወተው በርዲ አሉ። የሚኖሩት በተተወ የቦውሊንግ መጫወቻ አዳራሽ ውስጥ ነው። ካንዲ ምድረ በዳውን እየዞረ የድሮው ዓለም ትራፊ ይለቅማል፤ በርዲ ከተጣለ ብረት ትንንሽ ቅርጾችን ትሠራለች። በሰማይ ላይ ለብዙ ዘመን ሳትንቀሳቀስ የዛገች ትልቅ የጠፈር መርከብ ተንጠልጥላለች። አንድ ቀን የቦውሊንጉ ማሽን በራሱ ጊዜ ይንቀሳቀሳል። በርዲና ካንዲ ይህን መርከቧ ልትነሣ ነው ለሚል ምልክት ይወስዱታል፤ ከማሽኑ ጉድጓድም የሳንታ ክላውስ ድምፅ ይሰማል። ካንዲ በመርከቧ ቦታ ለማግኘት ሳንታ ክላውስን ሊለምን ረጅም መንገድ ይጀምራል። መጨረሻውን ላላየው አንባቢ ልተወው።

የፊልሙ ልብ ያለው ግን በጉዞው ሳይሆን በዕቃዎቹ ነው። የፕላስቲክ የኒንጃ ኤሊ አሻንጉሊት፣ የማይክል ጃክሰን ሸክላ፣ ይህን የመሰሉ ነገሮች በአንድ ዕቃ ገማች ፊት ይቀርባሉ። ገማቹ እንደ ቤተ መዘክር ሊቅ እያንዳንዱን አንሥቶ ያገላብጣል፤ የየትኛው ዘመን ጦረኞች ክታብ እንደነበረ፣ ማን በአንገቱ እንዳሰረው ያስረዳል። የሚለው ሁሉ ፈጠራ ነው፤ እርሱ ግን አያውቅም፤ የሚሰማውም አያውቅም። በርዲም ስትጸልይ የምትንበረከከው የቅርጫት ኳስ ተጫዋቹ ማይክል ጆርዳን ምስል በተሰቀለበት መሠዊያ ፊት ነው። ጸሎቷ እውነተኛ ነው፣ ፍርሃቷም እውነተኛ ነው፤ የሌለው የሚሰማት ብቻ ነው።

ሳቁ ከየት ይመጣል?

የእኛ አገር ቀልድ የአንደበት ቀልድ ነው። ከአለቃ ገብረ ሐና ጀምሮ እስከ ቴሌቪዥን ቀልደኞቻችን ድረስ የሚያስቀን ፈጣን መልስ፣ ቃልን በቃል መጣል፣ በአንድ ሐረግ ሁለት ነገር መናገር ነው። «ክራምብስ» ይህን ሁሉ ትቶታል። ተዋንያኑ ጥቂት ይናገራሉ፣ ቀስ ብለው ይሄዳሉ፣ ፊታቸው አይፈታም። ማንም ሰው ቀልድ እየተናገረ እንደሆነ አያውቅም። የሚያውቀው ተመልካቹ ብቻ ነው፤ የሚያውቀውም ሸክላውን አሁን በሕይወቱ ስላየው፣ አሻንጉሊቱንም ለልጁ ስለገዛው ነው። ስለዚህ ሳቁ ሲመጣ ከአፍረት ጋር ይመጣል። ሰው የሚስቀው በራሱ ዕቃ ቤት ላይ ነው።

ይህ ዘዴ ለመጽሐፍ ቅዱስ አንባቢ እንግዳ አይደለም። በቅዱስ ቃሉ ጣዖትን የሚመለከት ሳቅ ቢያንስ ሁለት መልክ አለው። አንደኛው የኤልያስ ነው፤ በቀርሜሎስ ላይ የበኣልን ነቢያት በግልጥ ያፌዝባቸዋል (1ነገ. 18፥27)። ሁለተኛው የኢሳይያስ ነው (ኢሳ. 44፥9–20)። ኢሳይያስ አይጮኽም። አናጢውን በትዕግሥት ይከተለዋል፤ ዛፉን ሲመርጥ፣ ዝናብ ሲያሳድግለት፣ ሲቆርጠው፣ በገመድ ሲለካው እያንዳንዱን ደረጃ እንደ እጅ ሙያ መምህር ይተርካል። እኩሌታውን አንድዶ ሥጋ ይጠብስበታል፣ ይሞቀዋል፣ በሙቀቱም ደስ ይለዋል። ከዚያ በቀረው ጉማጅ ላይ ይሰግዳል። ነቢዩ እስከዚህ ድረስ ፊቱን አልፈታም፤ የአድማጩ ሳቅ የሚመጣው ከሥርዓቱ ጥንቃቄ ነው። የ«ክራምብስ» ዕቃ ገማች የዚህ አናጢ የልጅ ልጅ ነው።

ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። ኢሳይያስ የሚያስቀን ሌላ አምላክ ስላለ ነው። የምዕራፉ መግቢያ ስለ ሠሪው፣ ስለ ታዳጊው፣ ስለ ፊተኛውና ኋለኛው ይናገራል፤ ሳቁ በዚያ ደስታ ላይ የቆመ ነው። «ክራምብስ» ያን መሬት የለውም። ጣዖቱ ባዶ መሆኑን ያሳየናል፤ ከባዶው ጀርባ ያለውን ግን አያውቅም። ስለዚህ ሳቁ ሲያልቅ ትካዜ ይሆናል። ተመልካቹ ደግሞ ደጋግሞ ወደ ፊልሙ የሚመለሰው በዚህ ትካዜ ምክንያት ይመስለናል። ሳቅ ብቻ ቢሆን ኖሮ አንድ ጊዜ ይበቃ ነበር።

ነሑሽታን በመገናኛ መንገድ

ፊልሙ ሩቅ ዘመንን ቢያሳይም አሠራሩን ለማየት ከየካ መውጣት አያስፈልግም። ማለዳ ላይ ከኮተቤ እስከ ፈረንሳይ ለጋሲዮን ባሉት መንደሮች «ቆራሌው!» እያለ የሚያልፈው ወጣት የካንዲ ባልደረባ ነው፤ የአንዱ ቤት ውዳቂ ለእርሱ እንጀራ ነው። ልዋጭ የሚሉት እናቶችም የቆየውን ልብስ በላስቲክ ሣህን ይለውጣሉ፤ የቀረው መርካቶ ምናለሽ ተራ ወርዶ ሌላ ስምና ሌላ ሥራ ያገኛል። በመንገዱ ዳር የሚደረደረው የቦንዳ ልብስ ደግሞ ደረቱ ላይ የማናውቀው ትምህርት ቤት፣ ያልተካፈልንበት ውድድር፣ ያልሠራንበት ድርጅት ስም ተጽፎበታል። የለበሰው ሰው ምን እንደሚል አያውቅም፤ ይሞቀዋል፣ ይበቃዋል። በዚህ ነውር የለም። በመገናኛ በኩል በሚያልፉት ታክሲዎች ውስጥ ግን ሌላ ነገር እናያለን። የጌታ ሥዕል፣ የአርሴናል አርማ፣ የአንድ ዘፋኝ ፊትና ከመዝሙረ ዳዊት የተቀነጨበ ቃል በአንድ መስታወት ላይ፣ በአንድ ዓይነት ማጣበቂያ ተለጥፈዋል። ከሺህ ዓመት በኋላ ይህን መስታወት ቆፍሮ የሚያገኝ ሰው ከአራቱ የትኛው ይመለክ እንደነበር በምን ያውቃል?

መጽሐፍ ቅዱስ ይህን ጥያቄ በአንድ ዕቃ ታሪክ ይመልሰዋል። የናሱ እባብ የሰው ፈጠራ አልነበረም፤ እግዚአብሔር ራሱ ሙሴን ያዘዘው ነበር፤ ያየውም ሁሉ ድኗል (ዘኍ. 21፥4–9)። ከብዙ ዘመን በኋላ ግን የእስራኤል ልጆች ያጥኑለት ጀመር። ሕዝቅያስ ሰባበረው፤ ስሙም ነሑሽታን ተባለ (2ነገ. 18፥4)፤ ከመዳብና ከናስ የማያልፍ ነገር መሆኑን በሚያስታውስ ስም። እዚህ ላይ ልብ እንበል። ዕቃው ከሐሰት አልጀመረም፤ ከእውነተኛ መዳን ጀመረ። ጣዖት የሆነው ታሪኩ ከላዩ ሲወልቅ ነው። በምድረ በዳ ሕዝቡ እንዳጉረመረመ፣ እንደ ተነደፈ፣ ንስሐ እንደገባ፣ ሙሴ እንደማለደ የሚናገረው ታሪክ ሲረሳ፣ የቀረው ናሱ ብቻ ነው። ናስ ብቻውን ሲቀር ደግሞ ኃይል ያለው ይመስላል።

እዚህ ላይ ፊልሙ ከሌሎች ይልቅ እኛን ይጠይቃል። እኛ ወንጌላውያን በታሪካችን የዕቃን ቅድስና ስንቃወም ኖረናል። ዛሬ በአንዳንድ አዳራሾቻችን ምን ይታያል? የተጸለየበት የዘይት ጠርሙስ፣ በእጅ የሚታሠር የላስቲክ አምባር፣ በኪስ የሚያዝ መሐረብ፣ በበር ላይ የሚለጠፍ የአገልጋይ ፎቶግራፍ። ሲጠየቅ የሐዋርያት ሥራ 19፥11–12 ይጠቀሳል። ነገር ግን የጳውሎስ ጨርቅ የተወሰደው ከደከመ ሠራተኛ ገላ ነበር፤ ሉቃስም ታሪኩን ያቆመው በጨርቁ ላይ ሳይሆን የጌታ ቃል በኃይል ማደጉን በመናገር ነው (19፥20)። ጨርቁ ከዚህ ታሪክ ሲነጠል በዕቃ ገማቹ ጠረጴዛ ላይ ካለው አሻንጉሊት በምን ይለያል? የሚሰጠው ማብራሪያ እንደዚያው ረጅም፣ እንደዚያው በልበ ሙሉነት የተነገረ፣ እንደዚያውም ማንም ሊያጣራው የማይችል ነው።

መፍትሔው ማፍረስ ብቻ እንዳይመስለን ደግሞ የአዲስ ኪዳንን መልስ እናስተውል። ሕዝቅያስ ናሱን ሰበረ፤ ኢየሱስ ግን ታሪኩን መለሰው (ዮሐ. 3፥14–15)። ለኒቆዲሞስ ስለ እባቡ ሲነግረው ናሱ ከጠፋ ብዙ መቶ ዓመታት አልፈዋል፤ ዕቃው አላስፈለገውም። ያስፈለገው ታሪኩ ነበር፤ ታሪኩም በመስቀሉ ላይ ፍጻሜውን አገኘ። የሰባኪ ሥራ ከሁለቱም ይካፈላል፤ ይበልጥ ግን ከሁለተኛው። ጣዖትን የሚሰብር ብዙ ነው፤ የተረሳን ታሪክ መልሶ የሚነግር ጥቂት ነው።

ከየካ በላይ ባለው ኮረብታ ከአንድ አለት ተፈልፍሎ የተሠራው ዋሻ ሚካኤል ጣሪያው ፈርሶ ቆሟል። የእኛ ቤተ ክርስቲያን ሥራ አይደለም። ቢሆንም ወደዚያ የሚወጣ ሰው ሁሉ አለቱ ለምን እንደተፈለፈለ ያውቃል፤ በዚያ ይነገር የነበረው ስም ዛሬም በምድሪቱ ይነገራልና። ፍርስራሽ ብቻውን የዓለም ፍጻሜ አይደለም። የዓለም ፍጻሜ የሚመስለው ፍርስራሹን የሚያነብብ ሲጠፋ ነው።

መርከቧን የሚጠብቁ

ካንዲ በዚህ ምድር እንግዳ እንደሆነ ያምናል፤ አገሩ ሌላ ነው፤ መርከቧ ከተነሣች ወደዚያ ይሄዳል። ለኢትዮጵያዊ ተመልካች ይህ የሳይንስ ልብ ወለድ አይደለም፤ ዲቪ ነው። በየዓመቱ ቅጹ ሲከፈት የኢንተርኔት ቤቱ ሲጨናነቅ፣ ውጤቱ ሲወጣ ቤተሰብ ሲጾም አይተናል። በቤተ ክርስቲያን መድረክም «በዚህ ዓመት ትበራለህ» የሚል ቃል ሲነገር፣ «አሜን» ከሁሉ የሚጎላበት ሰዓት ያ ነው። ካንዲ ከሳንታ ክላውስ የሚለምነውና አንዳንድ ወጣቶቻችን ከእግዚአብሔር የሚለምኑት ነገር አንድ ሆኖ ሲገኝ፣ ፊልሙ መሳለቂያ መሆኑ ይቀርና ምርመራ ይሆናል። ስጦታ ሰጪው ሲለወጥ ጸሎቱ ካልተለወጠ፣ በእርግጥ የምንለምነው ማንን ነው?

ስደትን ለመኮነን አይደለም። አብርሃም ወጥቷል፣ ሩት ወጥታለች፣ ጌታም በሕፃንነቱ ወደ ግብፅ ተሰድዷል። የዕብራውያን ጸሐፊም የእምነት አባቶች በምድር ላይ እንግዶች መሆናቸውን እንደ ታመኑ ይናገራል (ዕብ. 11፥13–16)። ነገር ግን እነዚያ እንግዶች የተጠባበቁት አገሪቱን ሲሆን መርከቢቱን አልነበረም። እየጠበቁም ዘሩ፣ ወለዱ፣ ጕድጓድ ቆፈሩ። ኤርምያስ ለምርኮኞቹ የጻፈው ደብዳቤ (ኤር. 29፥4–7) ከዚህ የተለየ አይደለም። በፊልሙ ውስጥ ይህን ጥበብ የያዘችው በርዲ ናት። ካንዲ ሰማይ ሰማይ ሲያይ እርሷ ከተጣለ ብረት ቅርጽ ትሠራለች። ጸሎቷ ተሳስቷል፤ እጇ ግን አልተሳሳተም።

ደግሞም ሰማይን ማየት ሁሉ መሸሽ አይደለም። በእንጦጦ ተራራ ላይ ባለው የምርምር ማዕከል እያንዳንዳቸው የ1 ሜትር መስተዋት ያላቸው ሁለት ቴሌስኮፖች አሉ፤ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2019 ከቻይና የመጠቀችው የመጀመሪያዋ የኢትዮጵያ ሳተላይትም መረጃዋን የላከችው ወደዚያው ተራራ ነው። የሳተላይቷ ሥራ ምድርን መመልከት ነበር። ወደ ላይ የወጣችው ታች ያለውን እርሻና ውኃ ለማየት ነው። ይህ ለተስፋ ትምህርታችን መልካም ምሳሌ ይሆናል። የክርስቲያን ተስፋ ወደ ላይ ይወጣል፤ ከዚያም ሆኖ ይህችን ምድር በትክክል ያያል።

የጀግናው አካል

ፊልሙ ከሚወደድባቸው ምክንያቶች አንዱ ብዙ ጊዜ በጨዋነት የሚታለፍ ነው። ዳንኤል ታደሰ ቁመቱ አጭር፣ አካሉም ሲኒማ ለጀግና ከሚመርጠው የተለየ ነው። ሌላ ፊልም ቢሆን ኖሮ ወይ ለማሳቅ ወይ ለማሳዘን ያቆመው ነበር። «ክራምብስ» ሁለቱንም አያደርግም። ይራመዳል፣ ይፈራል፣ ይዋሻል፣ ይጓዛል፣ ከአገራችን ታዋቂ ተዋናዮች አንዷ የምትጫወታት ሴት ትወደዋለች፤ ስለ አካሉ ማንም ማብራሪያ አይጠይቅም። ዓለም ሁሉ ትርጉሟን ባጣችበት ፊልም ውስጥ ትርጉሙን ያላጣው ይህ ፍቅር ነው።

መጋቢዎች ይህን ቆም ብለን እንድናየው ያስፈልጋል። አካል ጉዳተኛ ወንድም በብዙ ጉባኤዎቻችን ወደ መድረክ የሚጠራው መቼ ነው? ብዙውን ጊዜ ለፈውስ ነው፤ እንዲተረጉም፣ እንዲያስተምር፣ እንዲመራ አይደለም። የተፈወሰ እንደሆነ ለምስክርነት ይቆማል፤ ያልተፈወሰ እንደሆነ በዝምታ ወደ ወንበሩ ይመለሳል። እግዚአብሔር ይፈውሳል፤ ይህን እናምናለን። ይሁን እንጂ ሜምፊቦስቴ በንጉሡ ማዕድ የተቀመጠው ሁለት እግሮቹ ሽባ እንደሆኑ ነው (2ሳሙ. 9፥13)፤ ማዕዱ ፈውሱን አልጠበቀም። አንድ እንግዳ ፊልም ለአንድ ተዋናይ የሰጠው ቦታ ከእኛ መድረክ ከሰፋ፣ ይህን ማመን ይገባናል።

ፊልሙ የማያየው

ምስጋናችን ፍርድን እንዳይሸፍን ሁለት ጉድለቶችን እንጥቀስ።

የመጀመሪያው የካሜራው ዓይን ነው። ፊልሙ የዓለምን ፍጻሜ ለማሳየት ከመረጣቸው ስፍራዎች አንዱ ዳሎል ነው፤ ከባሕር ወለል በታች፣ ቢጫና አረንጓዴ የሚፈላ ምድር። በሮተርዳም ለተቀመጠ ተመልካች ይህ ሰው ያለቀበት ዓለም ይመስላል። ለአፋር ሰው ግን በዚያው አካባቢ ጨው የሚቆረጥበት፣ ግመል የሚጫንበት፣ የዕለት እንጀራ የሚወጣበት አገር ነው። የሌላውን ቤት ፍርስራሽ ብሎ መጥራት ቀላል ነው። ዳይሬክተሩ ኢትዮጵያን በንቀት አላያትም፤ የሚያሾፍበትም የምዕራቡ ሸቀጥ እንጂ ድሃው አይደለም። ቢሆንም ኢትዮጵያ የዓለም ማብቂያ ምስል ሆና ስትቀርብ ይህ የመጀመሪያው አይደለምና፣ የእኛ አንባቢ ይህን ማየት አለበት።

ሁለተኛው ከያንሶ ቀጣይ ፊልም ጋር ሲነጻጸር ይገለጣል። እ.ኤ.አ. በ2019 ያወጣው «ጂሰስ ሾውስ ዩ ዘ ዌይ ቱ ዘ ሃይዌይ» ርእሱ «ኢየሱስ ወደ አውራ ጎዳናው መንገዱን ያሳይሃል» ማለት ነው። ዳንኤል ታደሰ በዚህም መሪ ተዋናይ ነው፤ ጋጋኖ የተባለ የሲአይኤ ሰላይ ሆኖ «ሶቪየት ኅብረት» የሚባል የኮምፒውተር ቫይረስን ለማጥፋት ወደ ምናባዊ ዓለም ይገባል። እዚያ ያሉት ሁሉ የታዋቂ ሰዎች ፊት የታተመበት የወረቀት ጭምብል ያደርጋሉ። ጋጋኖ የሚፈልገው ግን ጡረታ ወጥቶ ከሚስቱ ጋር ፒዛ ቤት መክፈት ነው። ፊልሙ ሆን ተብሎ እንደ አሮጌ የስለላ ፊልም ተሠርቷል፤ ድምፁ እንኳ ከከንፈር ጋር እንዳይገጥም ተደርጓል። በጣም ያስቃል።

ስለ ርእሱ ምን እንበል? የእግዚአብሔርን ስም በከንቱ አለመጥራት ለእኛ ትእዛዝ ነው፤ የማይሰማን መምሰል አያስፈልግም። ነገር ግን ከመቆጣታችን በፊት ስሙ ምን ሆኖ እንደ ቀረበ እንይ። ከስታሊን ጭምብል ጎን አንድ ተጨማሪ ምልክት ሆኖ ነው፤ በታክሲው መስታወት ላይ እንዳየነው። ፊልሙ ስሙን ወደዚያ አላወረደውም፤ ወርዶ አገኘው። ቅሬታችን ሌላ ነው። «ክራምብስ» ስለ ባዶነቱ ያዝናል፤ ሁለተኛው ፊልም በክምሩ ይደሰታል። ጭምብል በጭምብል ላይ ሲደረብ ከሥሩ ፊት መኖሩን መጠየቅ ይቀራል። ስለዚህ በእኛ ግምት ረጅም ዕድሜ የሚኖረው የመጀመሪያው ነው። ሳቅ የሚቆየው የጎደለ ነገር እንዳለ ሲያውቅ ነው።

ለአገልግሎት

ይህን ፊልም በወጣቶች ኅብረት ውስጥ ማየት የሚፈልግ መጋቢ አስቀድሞ ብቻውን ይየው። አንዳንዱ ጉባኤ ዝግታውን አይታገሠውም፤ ለሌላው ደግሞ የሐሰት ጸሎት ማየት በራሱ ይከብደዋል፤ ይህም ሊከበር ይገባል። ከታየ በኋላ ሦስት ጥያቄዎች ውይይቱን ሊመሩ ይችላሉ። በቤቴ ካለው ዕቃ ቢጠፋ እግዚአብሔር ከእኔ የራቀ የሚመስለኝ የትኛው ነው? የምለምነውን ነገር የሚሰጠኝ ሌላ ቢገኝ እግዚአብሔርን እለምነው ነበርን? ለልጄ ከማወርሰው መካከል ታሪኩን ያልነገርኩት ምንድን ነው? ሦስተኛው ጥያቄ ከሁሉ ይከብዳል። ዘዳግም 6፥20–25 ልጁ «ምንድን ነው?» ብሎ የሚጠይቅበትን ቀን አስቀድሞ ያያል፤ ለአባቱም መልስ ያዘጋጅለታል። መልሱም ታሪክ ነው። ጥምቀትን፣ የጌታን እራት፣ መዝሙሩን፣ እጅ መጫኑን ልጆቻችን ያያሉ። ካልተነገራቸው እነርሱም አንድ ቀን ገማች ፊት ይዘውት ይቀርባሉ።

ማጠቃለያ፦ የከነዓናዊቷ መልስ

«ፍርፋሪ» የሚለው ቃል በወንጌል ውስጥ ባለቤት አላት። ከጢሮስና ከሲዶና አገር የመጣችው ከነዓናዊት ሴት ጌታን ስለ ልጇ ትለምናለች፤ የልጆቹ እንጀራ ለሌላ እንደማይጣል ይነግራታል፤ እርሷም ከጌቶች ማዕድ የሚወድቀው ፍርፋሪ እንደሚበቃት ትመልሳለች (ማቴ. 15፥21–28)። መልሷ በሐዘን ውስጥ የተነገረ ፈጣን ጨዋታ ነው፤ የአገራችን ሰው ቢሰማት «አንደበቷ የተባረከ» ይላታል። ጌታም ቃሏን ተቀበለ፤ እምነቷን ታላቅ አለው።

የእርሷ ፍርፋሪና የካንዲ ፍርፋሪ በመጠን አይለያዩም፤ ሁለቱም ጥቂት ናቸው። የእርሷ ግን ከማዕድ የወደቀ ነው፤ በማዕዱም ላይ ጌታ አለ፤ ስሙን ታውቃለች፤ ፊቱን ታያለች። የካንዲ ፍርፋሪ ማዕዱም ጌታውም ከተረሱ በኋላ የቀረ ነው። ስለዚህ እርሷ በጥቂቱ ጠገበች፤ እርሱ ብዙ ሰብስቦ ይራባል። ፊልሙ የሚወደደው ይህን ረሃብ ሳያጋንን፣ ሳይዋሽ ስላሳየ ነው። ረሃቡን ማሳየት የፊልሙ ድርሻ ነበር። ማዕዱ ገና እንዳልተነሣ መናገር የእኛ ነው።